አቡነ ማስያስ፦ የፈንጣጣ አባት የተባሉት ጳጳስ



በብዙ ቁምስናዎቻችን ቤተ ክርስቲያኑ፣ ትምህርት ቤቱና ክሊኒኩ በአንድ ግቢ ውስጥ ጎን ለጎን ቆመው ይታያሉ። ማየቱን ስለለመድነው ለምን አንድ ላይ እንደተሠሩ እምብዛም አንጠይቅም። የሚጠይቁን ግን አሉ። አንዳንዶች ክሊኒኩ ሰውን ወደ ቤተ ክርስቲያን ለመሳብ የተዘረጋ መረብ ነው ይሉናል። ከራሳችን ወገን ደግሞ፣ የቤተ ክርስቲያን ሥራ የነፍስ ድኅነት ከሆነ መድኃኒቱንና ፊደሉን ለሌላ ብንተወው ምን ይጎድልብናል የሚሉ አይጠፉም። እነዚህ ሁለት አስተያየቶች የሚቃረኑ ቢመስሉም መሠረታቸው አንድ ነው፤ ሁለቱም ሰውን ለሁለት ከፍለው ሥጋውን ለአንዱ፣ ነፍሱን ለሌላው ያከፋፍሉታል።

ለዚህ ጥያቄ በክርክር ከሚሰጥ መልስ ይልቅ በአንድ ሰው ሕይወት የተሰጠው መልስ ይበልጥ ያስተምራል። ይህ ሰው በሀገራችን አባ ማስያስ፣ ኋላም አቡነ ማስያስ ተብለው የታወቁት ካርዲናል ጉልየልሞ ማሳያ ናቸው። የሆስፒታል ካህን፣ የፍልስፍና መምህር፣ ጳጳስ፣ ስደተኛ፣ የቋንቋ ሊቅና የፈንጣጣ ሐኪም ሆነው ኖረዋል። በዚህ ጽሑፍ የተመለከቱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከፒዮቫ እስከ ቶሪኖ ሆስፒታል

ሎሬንዞ አንቶኒዮ ማሳያ ሰኔ 8 ቀን 1809 ዓ.ም. በሰሜን ኢጣልያ፣ በፒየሞንቴ አውራጃ፣ ፒዮቫ በምትባል የገጠር መንደር ተወለዱ። የመጀመሪያ ትምህርታቸውን በአስቲ ከተማ ከተከታተሉ በኋላ በ1825 ዓ.ም.፣ ገና የ16 ዓመት ወጣት ሳሉ፣ የቅዱስ ፍራንቸስኮስ ልጆች ከሆኑት ከካፑቺን አባቶች ማኅበር ገቡ። በምንኩስና ስማቸው ጉልየልሞ ተባሉ። በ1832 ዓ.ም. ማዕርገ ክህነትን ተቀበሉ።

አዲሱ ካህን ከ1834 እስከ 1836 ዓ.ም. በቶሪኖ ከተማ በሚገኘው በማውሪትስያኖ ሆስፒታል የሕሙማን ካህን ሆነው ተመደቡ። የሥራቸው ድርሻ ኑዛዜ መቀበል፣ ቅዱስ ቁርባን ማቀበልና ለሚሞቱት ምሥጢረ ቀንዲል መፈጸም ነበር። እርሳቸው ግን በዚያ ብቻ አልተወሰኑም። ሐኪሞቹ ቁስል ሲያጥቡ፣ የተሰበረ ሲያቀኑ፣ በስለት ሲከፍቱ ከጎናቸው ቆመው አዩ፤ ጠየቁ፤ በእጃቸውም ሞክረው ተማሩ። የሐኪምነት ማዕርግ አልነበራቸውም፤ ሆኖም በእነዚያ ሁለት ዓመታት ያገኙት የሕክምናና የቀዶ ጥገና ዕውቀት ለቀሪው ዘመናቸው ስንቅ ሆናቸው።

በዚያው በቶሪኖ ከተማ ከቅዱስ ዮሴፍ ኮቶሌንጎ ጋር ተዋወቁ። ይህ ካህን ሆስፒታሎች አንቀበልም ያሏቸውን ድኾች፣ አካለ ስንኩላንና የማይድኑ በሽተኞችን ሰብስቦ የመለኮታዊ አሳቢነት ትንሽ ቤት የተባለውን ተቋም የመሠረተ ነው። ወጣቱ ካፑቺን እምነት እጅጌውን ጠቅልሎ ሲሠራ ምን እንደሚመስል በዓይናቸው አዩ።

የፍልስፍና መምህር

ከ1836 ዓ.ም. ጀምሮ ለአሥር ዓመት ያህል በቶሪኖ አጠገብ በምትገኘው በቴስቶና ገዳም ለማኅበሩ ተማሪዎች ፍልስፍናና ነገረ መለኮት አስተማሩ። በእነዚህ ዓመታት ምክራቸውን የሚፈልጉ ብዙዎች ነበሩ፤ በእስር ቤት ስላሳለፋቸው ዓመታት በጻፈው መጽሐፍ የታወቀው ደራሲ ሲልቪዮ ፔሊኮ ከእነዚህ አንዱ ነበር።

ከሆስፒታል ወደ ፍልስፍና ክፍል መግባታቸውን ከአንድ መንገድ ወደ ሌላ መንገድ እንደመዛወር ልናየው አይገባም። የቤተ ክርስቲያናችን የነገረ መለኮት ሊቃውንት፣ ይልቁንም ቅዱስ ቶማስ ዘአኵይኖ ከአርስጣጣሊስ ፍልስፍና ተቀብሎ እንዳብራራው፣ ነፍስ በሥጋ ውስጥ ማዕድ እንደሚጠብቅ እንግዳ ተቀምጣ የምትኖር ሌላ ነገር አይደለችም። ሥጋን ሕያው ሥጋ፣ ሰውንም ሰው የምታደርገው እርሷ ናት። ይህንንም ትምህርት የቪየን ጉባኤ በ1312 ዓ.ም. አጽንቶታል። ስለዚህ የታመመ ክንድ የሥጋ ብቻ ጉዳይ አይደለም፤ የሚታመመው ሰውየው ነው። አባ ጉልየልሞ ይህን ለተማሪዎቻቸው ሲያስረዱ በማውሪትስያኖ አልጋዎች አጠገብ ያሳለፉትን ዘመን ከኋላቸው ይዘው ነበር። በቃል ያስተማሩትን በተግባር የሚፈትን ዘመን ደግሞ ከፊታቸው ይጠብቃቸው ነበር።

የጵጵስና ሲመትና የመንገዱ ፈተና

ፈረንሳዊው አሳሽ አንቷን ዳባዲ በኢትዮጵያ ብዙ ዓመት ተቀምጦ የደቡብ ምዕራቡን ክፍል ተመልክቶ ነበር፤ ለኦሮሞ ሕዝብና በአካባቢው ለሚኖሩ ሕዝቦች ሐዋርያዊ ልዑክ እንዲላክ ለሮም አሳሰበ። ር.ሊ.ጳ. ጎርጎርዮስ 16ኛ ግንቦት 4 ቀን 1846 ዓ.ም. ለዚሁ ሐዋርያዊ ቪካሪያት አቋቁመው ለካፑቺን አባቶች አደራ ሰጡ። አባ ጉልየልሞም የመጀመሪያው ሐዋርያዊ ቪካር ሆነው ተመረጡ፤ ግንቦት 24 ቀን በሮም ጵጵስና ተቀበሉ። ዕድሜያቸው 37 ሊሞላ ጥቂት ቀናት ቀርተውት ነበር።

በዚያው ዓመት መጨረሻ ምጽዋ ደረሱ። ወደ ኦሮሞ ምድር የሚወስደው መንገድ ግን ዝግ ነበር። በመሳፍንት መካከል ጦርነት ነበረ፤ የኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ጳጳስ አቡነ ሰላማም የካቶሊክ ልዑካንን መምጣት አጥብቀው ይቃወሙ ነበር። አቡነ ማስያስ በዚህ የመጠባበቂያ ጊዜ ሥራ አልፈቱም። ቅዱስ ዮስጢኖስ ደያቆቢስ፣ እኛ አቡነ ያዕቆብ የምንላቸው፣ በትግራይ በጓላ ያዘጋጇቸውን ኢትዮጵያውያን ዕጩዎች ማዕርገ ክህነት ሰጧቸው። በ1849 ዓ.ም. መጀመሪያ ደግሞ ስደት በበረታበት ወቅት፣ በምጽዋ በሌሊት ተሰውረው ራሳቸውን አቡነ ያዕቆብን ጳጳስ አድርገው ቀቡ። የሀገራችን ካቶሊካዊት ቤተ ክርስቲያን ታሪክ ከዚያች ሌሊት ጋር የተያያዘ ነው።

በሰሜን በኩል መግባት ስላልቻሉ በግብፅና በሱዳን ዞረው፣ የነጋዴ ልብስ ለብሰውና ስማቸውን ለውጠው ተጓዙ። በመጨረሻም ጎጃምን አቋርጠው ዓባይን ተሻገሩና ኅዳር 21 ቀን 1852 ዓ.ም. ጉድሩ፣ አሰንዳቦ ገቡ። ከተሾሙ ከስድስት ዓመት በላይ አልፎ ነበር። ለስድስት ዓመት በር ላይ ቆሞ መጠበቅ ምን ያህል ትዕግሥት እንደሚጠይቅ፣ ሩቅ ጣቢያ ተመድቦ ምእመን ያጣ የትምህርተ ክርስቶስ መምህር ይረዳዋል።

ከክንድ ወደ ክንድ

ጉድሩ ሲገቡ የሚያውቃቸው አልነበረም፤ ቋንቋውን ገና መልመድ ነበረባቸው፤ ወታደርም ገንዘብም አልነበራቸውም። የነበራቸው ጸሎታቸውና ከቶሪኖ ሆስፒታል ያመጡት የእጅ ሙያ ነበር። በዚያን ጊዜ ሕዝቡን ከሁሉ ይልቅ የሚያስጨንቀው በሽታ ፈንጣጣ ነበር። ፈንጣጣ ሲገባ ልጆችን በጅምላ ይወስዳል፤ የተረፈውንም ፊቱን ያጠፋዋል ወይም ዓይኑን ያሳውረዋል። እናት በቤቷ ያሉትን ልጆች ለመቁጠር ፈንጣጣው እስኪያልፍ የምትጠብቅበት ዘመን ነበር ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ሀገሬው ምንም ዘዴ አልነበረውም ማለት ግን አይደለም። በኢትዮጵያ ከጥንት ጀምሮ ቀለል ያለ ፈንጣጣ ከያዘው ሰው ቁስል ላይ ፈሳሽ ወስዶ ጤነኛውን ሰው ክንዱን በስቶ የመክተብ ልማድ ነበር። ይህ ልማድ ብዙዎችን አድኗል። ነገር ግን የሚሰጠው እውነተኛው ፈንጣጣ ስለ ሆነ አንዳንዱን ይገድል፣ በሽታውንም ወደ ጎረቤት ያዛምት ነበር። እንግሊዛዊው ሐኪም ኤድዋርድ ጄነር በ1796 ዓ.ም. ያሳየው መንገድ የተሻለ ነበር። በእርሱ መንገድ የሚሰጠው ቀላል የሆነው የላም ፈንጣጣ ነው፤ ይህም ሰውን ሳይገድል ከእውነተኛው ፈንጣጣ ይጠብቀዋል።

አቡነ ማስያስ የሠሩት በዚህ በጄነር መንገድ ነው። አሠራሩን መረዳት ለታሪኩ ያስፈልጋል። በዚያ ዘመን ክትባቱን የሚያቆይ ማቀዝቀዣ አልነበረም፤ ስለዚህ መድኃኒቱ የሚቆየው በሰው ክንድ ላይ ነበር። አንድ ልጅ ከተከተበ በኋላ በስምንተኛው ቀን ገደማ በክንዱ ላይ ውሃ ያቋጠረ ቁስል ይወጣል። ከዚያ ቁስል ጥቂት ፈሳሽ በስለት ጫፍ ይወሰድና ለሚቀጥሉት ሰዎች ይሰጣል፤ እነርሱም በተራቸው ለሌሎች ይሰጣሉ። እንግዲህ የተከተበው ልጅ በቀጠሮው ቀን ካልመጣ ሰንሰለቱ ይበጠሳል። እናቲቱ ልጇ ከዳነ በኋላ ስለ ሰው ልጅ ስትል ተመልሳ ያንን መንገድ መሄድ አለባት። ሥራው በመተማመን ላይ የቆመ ነበር።

በዚህ ዓይነት አቡነ ማስያስ በጉድሩ፣ በእናርያ፣ በከፋ፣ ኋላም በሸዋ በሺህ የሚቆጠሩ ሰዎችን ከተቡ። ሕዝቡም የፈንጣጣ አባት የሚል ስም አወጣላቸው። ለአንድ ጳጳስ ከዚህ የተሻለ የማዕርግ ስም ይገኛል ብዬ አላምንም። በሮም የተሰጣቸውን ማዕርግ ሕዝቡ አያውቀውም ነበር፤ ይህኛውን ግን በእያንዳንዱ ጎጆ ያውቁት ነበር።

እዚህ ላይ በመጀመሪያ ያነሣነው ጥያቄ ይመለሳል። ክትባቱ ማጥመጃ ነበርን? ሥራው ራሱ ይመልሳል። ፈንጣጣ ሃይማኖት አይለይም፤ ሰንሰለቱም የሚቀጥለው ክርስቲያኑ ለእስላሙ፣ እስላሙ የአባቶቹን እምነት ለሚከተለው ጎረቤቱ ክንዱን ሲያውስ ብቻ ነው። ከተጠመቁት በቀር አልከትብም የሚል ሰው ሁለት ሳምንት ሳይሞላው መድኃኒቱ ያልቅበታል። የሊሙ እናርያው ሙስሊም ንጉሥ አባ ባጊቦም እኚህን ክርስቲያን ጳጳስ በክብር ተቀብለው በሀገራቸው እንዲሠሩ ፈቅደውላቸዋል። አቡነ ማስያስ ወንጌልን ከመስበክ አላፈሩም፤ መጠመቅ የፈለጉትንም በደስታ አጠመቁ። የተከተቡት ግን ከተጠመቁት እጅግ ይበዙ ነበር። ደጉ ሳምራዊ ቁስለኛውን ከማንሣቱ በፊት ከየትኛው ወገን እንደሆነ እንዳልጠየቀው፣ እርሳቸውም በሽተኛውን ስለ በሽታው እንጂ ስለ እምነቱ አልጠየቁትም።

በሰው አፍ የተተከለ ትምህርት

የአቡነ ማስያስ ሁለተኛው ሥራ ትምህርት ነው። ኦሮምኛን ከሕዝቡ ጋር ኖረው ተማሩ፤ ትምህርተ ክርስቶስንም በዚያው ቋንቋ አዘጋጁ። ይህ በዘመኑ ትንሽ ነገር አልነበረም። ኦሮምኛ ገና በጽሕፈት ያልተለመደ ቋንቋ ስለ ነበረ፣ እግዚአብሔርን፣ ኃጢአትን፣ ጸጋን፣ ምሥጢርን ለማመልከት የሚሆኑትን ቃላት ከሕዝቡ ንግግር አንድ በአንድ መልቀም ያስፈልግ ነበር። ትምህርቱን የተቀበሉ የአገሩ ልጆችም በቃል አጥንተው ለሌሎች አስተላለፉ። ዛሬ በየመንደሩ እየተዘዋወራችሁ የምታስተምሩ የትምህርተ ክርስቶስ መምህራን፣ የሙያችሁ ቀዳሚዎች እነዚህ ናቸው።

በ1859 ዓ.ም. ወደ ከፋ ወረዱ። በከፋ ከመካከለኛው ዘመን የቀረ የክርስትና ቅሬታ ነበር፤ ሕዝቡ አንዳንድ ስሞችንና በዓላትን ይዞ የቆየ ቢሆንም የሚያስተምረው ካህን አልነበረውም። አቡነ ማስያስ ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1861 ዓ.ም.፣ በንጉሡ ትእዛዝ ከከፋ ተባረሩ። ሆኖም ሲወጡ ሥራው አልፈረሰም፤ ከአገሩ ልጆች መካከል ያስተማሯቸውና ለክህነት ያበቋቸው ሰዎች ይዘውት ቆዩ።

በ1863 ዓ.ም. ወደ ሰሜን ሲጓዙ በዐፄ ቴዎድሮስ ሰዎች እጅ ወደቁ፤ ንጉሠ ነገሥቱ ግን ካነጋገሯቸው በኋላ በሰላም አሰናበቷቸው። ወደ አውሮፓ ተመልሰው በቆዩባቸው ዓመታት ሁለት ነገሮችን ፈጸሙ። አንደኛው በ1866 ዓ.ም. በፈረንሳይ አገር በማርሴይ ከተማ ለኦሮሞ ወጣቶች ትምህርት ቤት መክፈታቸው ነው። በዚያ ዘመን በደቡብ ምዕራቡ አገር የባሪያ ንግድ እጅግ ተስፋፍቶ ነበር፤ ልጆች ከወላጆቻቸው ተነጥቀው በገበያ እየተሸጡ ወደ ሱዳንና ወደ ቀይ ባሕር ዳርቻ ይነዱ ነበር። አቡነ ማስያስ ይህን ንግድ አጥብቀው ተቃወሙ፤ ከባርነት የዋጇቸውንም ልጆች ያስተምሩ ነበር። ነጻ የወጣ ልጅ ዕውቀት ካልጨመረ ነጻነቱ ግማሽ ነው ብለው ስላመኑ ትምህርት ቤቱን ከነጻነቱ አልለዩትም። ሁለተኛው ደግሞ በ1867 ዓ.ም. በፓሪስ ያሳተሙት የአማርኛና የኦሮምኛ ሰዋስው መጽሐፍ ነው። መጽሐፉ በላቲን ቋንቋ የተጻፈ ሲሆን የታሰበውም ለሚመጡት ልዑካነ ወንጌል ነበር። ሊያስተምር የሚመጣ ሰው አስቀድሞ ተማሪ ይሁን ማለት ነው።

በምኒልክ ቤት

ለመጨረሻ ጊዜ ወደ ኢትዮጵያ የተመለሱት በሸዋ በኩል ነው። መጋቢት 1868 ዓ.ም. ልቼ ሲደርሱ የሸዋው ንጉሥ ምኒልክ በክብር ተቀበሏቸው። ጳጳሱ ወደ ኦሮሞ አገር ለማለፍ ቢፈልጉም ንጉሡ ዕውቀታቸውንና ምክራቸውን ስለወደዱ ከአጠገባቸው እንዲርቁ አልፈቀዱም። በፍል ውኃዋ በታወቀችው በፍንፍኔ አካባቢ፣ ቢርቢርሳ በተባለው ስፍራ ቦታ ተሰጥቷቸው በ1868 ዓ.ም. ሚሲዮን መሠረቱ። ያ አገር በ1886 ዓ.ም. አዲስ አበባ የተባለችው ከተማ የተቆረቆረችበት ነው። እንግዲህ ከተማይቱ ሳትኖር በፊት በዚያ መሬት ላይ ቅዳሴ ይቀደስ፣ ልጆች ፊደል ይቆጥሩ፣ ሕሙማንም ይታከሙ ነበር።

ለአሥራ አንድ ዓመት ያህል በሸዋ ተቀመጡ። ንጉሡን መከሩ፤ ከኢጣልያና ከሌሎችም የአውሮፓ መንግሥታት ጋር በነበረው ግንኙነት ረዷቸው፤ በ1876 ዓ.ም. በማርኬዝ አንቲኖሪ መሪነት የመጣውን የኢጣልያ የጂኦግራፊ ማኅበር ጉዞ አገዙ። በዚህ ረገድ እውነቱን ሳንሸሽግ መናገር ይገባናል። የቤተ ክርስቲያን ሰው ከቤተ መንግሥት አጠገብ ሲቀመጥ ብዙ በጎ ነገር ሊሠራ ይችላል፤ ስሙ ግን ለማያስበው ዓላማ ሊውል ይችላል። አቡነ ማስያስ ከሞቱ ከብዙ ዘመን በኋላ የሆነው ይኸው ነው። የፋሺስት ኢጣልያ መንግሥት ሀገራችንን በወረረበት ዘመን፣ በ1939 ዓ.ም.፣ ስለ እርሳቸው የተሠራ ፊልም በቬኒስ ተሸለመ፤ በፈንጣጣ አባት ስምም ወረራውን ማስዋብ ተፈለገ። በስለት ጫፍ ሕይወት የሰጠ ሰው በመርዝ ጢስ ሕይወት ላጠፋ መንግሥት ምስክር ሊሆን አይችልም።

ሌላም የማንሰውረው ነገር አለ። አቡነ ማስያስ በጻፏቸው መጻሕፍት ስለ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ካህናትና ትምህርት የሰነዘሯቸው ቃላት ብዙ ጊዜ ሻካራ ናቸው። እርሳቸው የዘመናቸው ልጅ ነበሩ፤ በሁለቱም ወገን መናናቅ የበዛበት ዘመን ነበር። ከ1962 እስከ 1965 ዓ.ም. የተካሄደው 2ኛው የቫቲካን ጉባኤ ስለ ክርስቲያኖች አንድነት ካስተማረን በኋላ እኛ በዚያ አነጋገር ልንናገር አይገባንም። ቅድስና ከስሕተት ሁሉ ነጻ መሆን አይደለም፤ በጎነታቸውን ስንከተል ጉድለታቸውን ከመድገም እንጠንቀቅ።

የመጨረሻው ስደት

በ1878 ዓ.ም. ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ ንጉሥ ምኒልክን ካስገበሩ በኋላ በቦሩ ሜዳ ጉባኤ ተደርጎ የሃይማኖት አንድነት ታወጀ። ንጉሠ ነገሥቱ ከግብፅ ጦር ጋር ተዋግተው ገና ያረፉ፣ በውጭ ኃይሎች የተከበበች አገር የሚያስተዳድሩ ነበሩ፤ የባዕዳን ልዑካን መኖር የአገርን አንድነት ያናጋል ብለው ሠጉ። በ1879 ዓ.ም. አቡነ ማስያስና ባልንጀሮቻቸው ከሸዋ እንዲወጡ ታዘዘ። የ70 ዓመት ሽማግሌ ሆነው፣ ጤናቸው ተጎድቶ፣ ደብረ ታቦር ድረስ ሄደው በንጉሠ ነገሥቱ ፊት ቀረቡ፤ ከዚያም በሱዳን በረሃ በኩል ከአገር ተሸኙ። የሕይወት ታሪካቸውን የጻፉ ሰዎች ሜዲትራንያንን 8 ጊዜ፣ ቀይ ባሕርን 12 ጊዜ እንደተሻገሩና 4 ጊዜ እንደተሰደዱ ይቆጥራሉ። ከዚህ ስደት ግን አልተመለሱም።

በ1880 ዓ.ም. የቪካርነት ኃላፊነታቸውን ለቀቁ፤ በቦታቸውም ባልንጀራቸው አቡነ ታውሪን ካኻኝ ተተኩ። አዲሱ ቪካር በሐረር ተቀመጡ፤ የሐረር ሚሲዮን ከዚያ በኋላ በትምህርቱና በሕሙማን አገልግሎቱ የታወቀ ሆነ። በዚያው ሚሲዮን በአቡነ እንድርያስ ዣሮሶ ጥበቃ ከተማሩት ልጆች አንዱ፣ ኋላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የተባሉት ተፈሪ መኰንን ናቸው።

ር.ሊ.ጳ. ልዮን 13ኛ ኅዳር 10 ቀን 1884 ዓ.ም. አቡነ ማስያስን ካርዲናል አደረጓቸው፤ የተልእኳቸውንም ታሪክ እንዲጽፉ አዘዟቸው። በስደትና በእስር ማስታወሻዎቻቸው ስለ ጠፉባቸው ሽማግሌው አብዛኛውን ከትዝታቸው እያወጡ ጻፉ። በከፍተኛው ኢትዮጵያ ስላሳለፏቸው 35 የተልእኮ ዓመታት የሚናገረው ይህ ሥራ ከ1885 እስከ 1895 ዓ.ም. በ12 ቅጽ ታተመ። ስለ ጉድሩ፣ ስለ ጊቤ ነገሥታት፣ ስለ ከፋና ስለ ሸዋ ኑሮ የሚያጠኑ ሊቃውንት እስከ ዛሬ ይመለከቱታል። የመጨረሻውን ቅጽ ታትሞ ሳያዩት፣ ነሐሴ 6 ቀን 1889 ዓ.ም.፣ በደብረ ታቦር በዓል ዕለት፣ በናፖሊ አጠገብ በሳን ጆርጆ አ ክሬማኖ ዐረፉ። ዐፅማቸው በፍራስካቲ በካፑቺን አባቶች ቤተ ክርስቲያን ይገኛል። ያሰደዷቸው ዐፄ ዮሐንስም በዚያው ዓመት በመጋቢት ወር በመተማ ጦር ሜዳ ስለ አገራቸው ወድቀው ነበር። ቤተ ክርስቲያን በር.ሊ.ጳ. ፍራንቸስኮስ አማካይነት ታኅሣሥ 1 ቀን 2016 ዓ.ም. የአቡነ ማስያስን ብርቱ ምግባር አጽድቃ ክቡር ብላ እንዲጠሩ ፈቅዳለች።

የእኛ ድርሻ

ከዚህ ሁሉ ድካም ምን ቀረ? የቢርቢርሳው ሚሲዮን ተዘግቷል፤ ጳጳሱ አራት ጊዜ ተባረዋል፤ ያሠሯቸው ጎጆዎች ፈርሰዋል። በሰው ላይ የተከሉት ግን ሊባረር አልቻለም። የተከተበ ክንድ ፈንጣጣን ተቋቁሟል፤ ትምህርተ ክርስቶስን በቃሉ የያዘ ልጅ ለልጁ አስተምሯል። የፈንጣጣም ነገር ፍጻሜውን አግኝቷል፤ በሀገራችን የመጨረሻው በሽተኛ በ1976 ዓ.ም. ተገኘ፤ በ1980 ዓ.ም. የዓለም ጤና ድርጅት በሽታው ከምድር ገጽ መጥፋቱን አወጀ። ይህን ያደረጉት በየዘመኑ የደከሙ እጅግ ብዙ ሰዎች ናቸው፤ ከእነርሱም መካከል በጉድሩ በስምንተኛው ቀን ልጃቸውን ይዘው የተመለሱ ስማቸው ያልተጻፈ እናቶች ይገኛሉ።

ውድ የትምህርተ ክርስቶስ መምህራን፤ ታሞ ሐኪም ዘንድ አልሄድም፣ የእግዚአብሔር ፈቃድ ይበቃኛል የሚል ምእመን ሲያጋጥማችሁ፣ የፈንጣጣን አባት ታሪክ ንገሩት። ጸሎትና መድኃኒት የሚቀናኑ ጣውንቶች አይደሉም፤ ሁለቱንም የሰጠን አንዱ እግዚአብሔር ነው። በክሊኒኮቻችን የምታገለግሉ ወንድሞችና እኅቶች ደግሞ፣ ከፊታችሁ የተቀመጠው በሽታ ብቻ ሳይሆን ሰው መሆኑን አትርሱ፤ ስሙን ጠይቁት፣ ጭንቀቱን ስሙት። በግቢያችን አጥር በኩል የሚገባው የሌላ እምነት ተከታይም ከእኛ የሚያገኘው መድኃኒት ዋጋው መለወጥ እንዳይሆን እንጠንቀቅ። በነጻ የተቀበልነውን በነጻ ካልሰጠን፣ የሚከሱን ሰዎች እውነት ተናገሩ ማለት ይሆናል።

አቡነ ማስያስ ያመኑበት ነገር ቢኖር እግዚአብሔር የፈጠረውና ክርስቶስ የዋጀው መላውን ሰው መሆኑን ነው። ቤተ ክርስቲያኑ፣ ትምህርት ቤቱና ክሊኒኩ በአንድ ግቢ መቆማቸውም ስለዚሁ ነው። የሥጋና የነፍስ ሐኪም የሆነው ጌታችን ኢየሱስ ክርስቶስ እጃችንን ለሥራ፣ አንደበታችንን ለትምህርት፣ ልባችንን ለርኅራኄ ያበርታልን። አሜን።